ራሱን የሰወረው ተዋናይ፦ ሰር አሌክ ጊነስ

«ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም» ይላሉ አባቶቻችን። ይህ ምሳሌ ለለቅሶ ብቻ ሳይሆን ለትያትር ሥራም የሚስማማ ይመስለኛል። ባለፈው ዓመት በትምህርት ቤታችን በዓል በቀረበው ድራማ ሽማግሌ ሆኜ እንድጫወት ተመርጬ ነበር። የጥጥ ጢም ለጥፌ፣ ከዘራ ይዤ፣ ወገቤን አጉብጬ ወጣሁ። ነገር ግን ገና ንግግሬን ሳልጀምር ከኋላ የተቀመጠ አንድ ተማሪ ስሜን ጠርቶ ቢጮህ አዳራሹ በሳቅ ተሞላ። ተመልካቹ ያየው ሽማግሌውን ሳይሆን እኔን ነበር። ስሕተቴ ምን እንደ ሆነ የገባኝ የእንግሊዛዊውን ተዋናይ የአሌክ ጊነስን ፊልሞች ከተመለከትሁና ታሪኩን ካነበብሁ በኋላ ነው። ስለዚህ የዚህን ሰው ሕይወትና ሥራ ለአንባብያን ባጭሩ ለመግለጽ አስቤአለሁ። ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።

አሌክ ጊነስ በ1914 በሎንዶን ከተማ ተወለደ። በልደት ምስክር ወረቀቱ ላይ የአባቱ ስም አልተጻፈም፤ እርሱም አባቱ ማን እንደ ሆነ በርግጥ ሳያውቅ ኖረ። ትምህርቱን እንደ ጨረሰ በአንድ የማስታወቂያ ድርጅት ተቀጥሮ ጽሑፍ ያዘጋጅ ነበር። ልቡ ግን ወደ ትያትር ስላዘነበለ ሥራውን ትቶ የትያትር ትምህርት ቤት ገባ። በዚያን ጊዜ ለዕለት ምግብ እስኪቸገር ድረስ ድኻ ነበር። ዝነኛው ተዋናይ ጆን ጊልጉድ ይህንን ተረድቶ 20 ፓውንድ ልስጥህ ቢለው፣ ወጣቱ ኩራት ይዞት አልቀበልም አለ። የሆነ ሆኖ ጊልጉድ አልረሳውም፤ በ1934 ራሱ ባዘጋጀው በሼክስፒር «ሐምሌት» ውስጥ ኦዝሪክ የተባለውን አነስተኛ ሰው እንዲጫወት ሰጠው። ከአራት ዓመት በኋላ ጊነስ በኦልድ ቪክ ትያትር ቤት ሐምሌትን ራሱን ለመጫወት በቃ።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በባሕር ኀይል አገልግሎ፣ በ1943 ወታደሮችን ወደ ሲሲሊ ደሴት ያደረሰች ጀልባ አዛዥ ሆኖ ነበር። ከጦርነቱ በኋላ በፊልም መሥራት ጀመረ። ዴቪድ ሊን የተባለው የፊልም አዘጋጅ «ኦሊቨር ትዊስት»ን ሲያነሣ ጊነስ የሌቦቹን አለቃ ሽማግሌውን ፌጊንን ልጫወት ብሎ ጠየቀ። ሊን ግን ይህ ገና በሠላሳዎቹ ዕድሜ ያለ ጎልማሳ አይሆንም ሲል ተጠራጠረ። ጊነስም ተኳኩሎና ለብሶ ለሙከራ በቀረበ ጊዜ ሊን አይቶ ተረታ። ፊልሙ በ1948 ወጣ። ይሁን እንጂ የፌጊን መልክ አይሁድን የሚያዋርድ ነው የሚል ብርቱ ተቃውሞ ስለ ተነሣ፣ በአሜሪካ የታየው ዘግይቶ በ1951 ነው።

በ1949 በወጣው «ካይንድ ሃርትስ ኤንድ ኮሮኔትስ» ፊልም ደግሞ የአንድ ቤተ ሰብ አባሎች የሆኑ ስምንት ሰዎችን ብቻውን ተጫወተ፤ ከነዚህም አንዷ ሴት ናት። በአንድ ቦታ ስድስቱ በቤተ ክርስቲያን ውስጥ አብረው ይታያሉ። ይህ የተሠራበት ዘዴ እንዲህ ነው። ካሜራው እንዳይነቃነቅ ጸንቶ ይተከላል፤ ጊነስ በሚቆምበት በኩል ያለው የሌንሱ ክፍል ብቻ ተገልጦ ሌላው ይሸፈናል። ከተነሣ በኋላ ፊልሙ ወደ ኋላ ይጠቀለልና ልብሱንና መልኩን ለውጦ በሌላው ቦታ እንደገና ይነሣል። ካሜራው በጥቂቱ ቢነቃነቅ ድካሙ ሁሉ ከንቱ ይሆን ነበር።

ታዲያ ሁልጊዜ አልቀናውም። በ1951 እንደገና ሐምሌትን በመድረክ ቢያቀርብ ጋዜጦች ክፉኛ ነቀፉት። እርሱ ግን ሥራውን አልተወም። በ1957 በወጣው «የክዋይ ወንዝ ድልድይ» ኮሎኔል ኒኮልሰን የተባለውን የጦር ምርኮኛ ተጫወተ። ኮሎኔሉ በፀሐይ ከሚግል ጠባብ የቆርቆሮ ቤት ሲወጣ እግሩ እየተብረከረከ እንደ ወታደር ቀጥ ብሎ ሊራመድ ይጥራል። ጊነስ ይህንን አረማመድ የወሰደው ከገዛ ልጁ ነው፤ ልጁ የልጅነት ልምሻ ታሞ እንደገና መራመድ ሲለማመድ አይቶ ነበርና። በዚህ ሥራ የኦስካር ሽልማት አገኘ፤ በ1959ም «ሰር» የሚለውን ማዕረግ ተቀበለ።

በ1977 በወጣው «ስታር ዎርስ» ብዙ ገንዘብ አገኘ፤ ነገር ግን ብዙ ሰው በዚያ ብቻ ስላወቀው ደስ አላለውም። በ1979 በቴሌቪዥን ጆርጅ ስማይሊ የተባለውን ሰላይ ለመጫወት ሲዘጋጅ፣ ከአንድ የቀድሞ የእንግሊዝ የስለላ ድርጅት አለቃ ጋር ምሳ በልቶ የሰውየውን ሁኔታ በጥንቃቄ ተመለከተ። ያን ሁሉ ክብር ካገኘ በኋላ፣ ገና እንደ ተማሪ ይመለከት ነበር ማለት ነው። በ2000 በ86 ዓመቱ ዐረፈ።

እኔ ሽማግሌ ልሁን ብዬ ጢም ፈለግሁ እንጂ ሽማግሌ አልተመለከትሁም። አሁን የትምህርት ቤታችንን አዛውንት ዘበኛ አስተውላለሁ፤ ከመቀመጣቸው በፊት ወንበሩን በእጃቸው ይዳስሳሉ፤ ሲነሡም በመጀመሪያ ወደ መሬት ያያሉ። ዘንድሮም እንደገና ሽማግሌ ሁን ብባል ከዚህ እጀምራለሁ። ያ ተማሪ ስሜን መጥራት ከረሳ ለእኔ ከጭብጨባ ይበልጥብኛል።