ካዝናው ወጥቷል፤ ጥይቱስ?

ቲክቶክ ላይ ክላሽ አንግቶ የሚፎክር ጎረምሳ ሳታዩ አትቀሩም። ያምራል። ግን እስቲ ጣቱን እዩት፤ ቃታው ላይ ነው። አፈሙዙ ደግሞ ወደ ጓደኛው ዞሯል።

በቡሬና በፍኖተ ሰላም ገጠር ጠመንጃ እንግዳ አይደለም። አያቶቻችን ውጅግራ የሚሉት በ1874 እ.ኤ.አ. የወጣው የፈረንሳዮቹ «ፉዚ ግራ» ነው። የሚጎርሰው አንድ ጥይት ብቻ ስለሆነ ባለቤቱ ሳያስብ አይተኩስም ነበር። ክላሽ ግን በአውቶማቲክ ከተለቀቀ 30 ጥይቱን በ3 ሰከንድ ገደማ ይጨርሳል። ማሰቢያ ጊዜ የለም።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው፦ ካዝናውን ሲያወጣ መሣሪያው ባዶ የሆነ ይመስለዋል። የጎረሰው አንድ ጥይት ግን እዚያው ይቀራል። ስለዚህ መጀመሪያ ካዝናው ይውጣ፤ ከዚያ ማቀባበያው ይሳብና ጥይት መጉረሻው በዓይን ይታይ። በጥር ሠርግ ወደ ሰማይ የሚተኮሰውም ሰማይ አይቀርም፤ ተመልሶ ሰው ላይ ሊወርድ ይችላል።

ሕጉስ? አዋጅ ቁጥር 1177/2012 ያለ ፈቃድ መሣሪያ መያዝን ይከለክላል። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 78 ራስን መከላከልን ይፈቅዳል፤ ጥቃቱ የደረሰ ወይም ሊደርስ የተቃረበ፣ አጸፋውም ተመጣጣኝ ከሆነ። ሮጦ ያመለጠን ሌባ ተከትሎ መተኮስ ሌላ ጉዳይ ነው።

ቤታችሁ ግድግዳ ላይ የተንጠለጠለ ካለ ዛሬውኑ ለአባባ ንገሯቸው፦ ባዶ መሆኑ ይታይ፣ ልጅ ከማይደርስበትም ይቀመጥ። ቤት መጠበቅ የሚጀምረው ከዚያ ነው።