ከጋፋት እስከ ውቅያኖስ ጥልቀት፦ አስፈሪ መሣሪያ ለሕዝብ ደኅንነት ዋስትና ይሆናልን?

ታላላቅ መንግሥታት «የደኅንነታችን ዋስትና» እያሉ በባሕር ሆድ ውስጥ ስለሚያዞሩት የኑክሊየር መሣሪያ የሚካሄደውን ክርክር ለመመርመር መነሻ ፍለጋ ባሕር ማቋረጥ አያሻንም። ከደብረ ታቦር ከተማ ፈቀቅ ብላ የምትገኘው ጋፋት ትበቃናለች።

ዳግማዊ ዐፄ ቴዎድሮስ ቴዎፍሎስ ዋልድማየርንና ሞሪትስ ሆልን የመሳሰሉ አውሮፓውያን ባለሙያዎችን በጋፋት አስፍረው መድፍ አሠርተዋል። 70 ኩንታል ያህል የሚመዝነው ሴባስቶፖል የዚህ ጥረት ከፍተኛ ውጤት ነበር። ስሙም በክራይሚያ ጦርነት ኃያላኑ ከተፋለሙባት ከተማ የተወሰደ ነው። የንጉሠ ነገሥቱ ዓላማ ግልጽ ነበር፤ ሌላው የሚያስፈራበትን መሣሪያ በገዛ ምድራቸው ሠርተው ሀገራቸውን ማስከበር። ይህ ምኞት ዛሬም የሚያኮራ ነው።

ይሁን እንጂ የመድፉን ክብደት የተሸከመው ማን ነበር? በ1860 ዓ.ም. መጀመሪያ ንጉሠ ነገሥቱ ደብረ ታቦርን አቃጥለው ወደ መቅደላ ሲነሡ፣ ቀደም ሲል በዘመቻና በዝርፊያ የተራቆተው የበጌምድር ገበሬ በአብዛኛው ሸፍቶባቸው ነበር። ግማሽ ዓመት ያህል በፈጀው ጉዞ ሠራዊቱ ድንጋይ እየፈለጠ፣ የጂዳንና የበሽሎን ገደል በመንገድ እያለዘበ ያን ብረት በክንዱ ጎተተ። ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው በመንገድ ሥራው ከወታደሩ ጋር ይደክሙ ነበር።

ውጤቱ ምን ሆነ? በጥቅምት 1855 ዓ.ም. ለንግሥት ቪክቶሪያ የጻፉት ደብዳቤ መልስ ሳያገኝ በመቅረቱ የተጫረው ጠብ የጄኔራል ናፒርን ጦር አመጣ። ሚያዝያ 3 ቀን 1860 ዓ.ም. በእሮጌ ሜዳ 700 ያህል ኢትዮጵያውያን ሲወድቁ፣ ከእንግሊዞች ወገን የቆሰሉት 20 ያህል ብቻ ነበሩ። ሴባስቶፖል የዘመተውን ጦር አላስቆመም። ከሦስት ቀን በኋላ ንጉሠ ነገሥቱ በገዛ እጃቸው ሲሠዉ፣ መድፉ በመቅደላ አምባ ላይ ቀረ።

የዚያው ዘማች ጦር ሀገር ዛሬ የራሷን ሴባስቶፖል በባሕር ሥር ደብቃለች። ከ1961 ዓ.ም. ጀምሮ ብሪታንያ የኑክሊየር ሚሳይል የታጠቀች ቢያንስ አንዲት ሰርጓጅ መርከብ ከውቅያኖስ ለይታ አታውቅም። ሐምሌ 11 ቀን 2008 ዓ.ም. ፓርላማዋ አራት አዳዲስ ሰርጓጆች እንዲሠሩ በ472 ድምፅ በ117 ተቃውሞ ወስኗል፤ የተገመተው ወጪም 31 ቢሊዮን ፓውንድና 10 ቢሊዮን መጠባበቂያ ነው።

የደጋፊዎቹ መከራከሪያ ተንቆ የሚታለፍ አይደለም። ሴባስቶፖል የሚታይና የሚከበብ ነበር፤ ሰርጓጇ ግን የት እንዳለች ስለማይታወቅ ማንም ቀድሞ ሊያጠፋት አይችልም። ስለዚህ «ጥቅሟ አለመተኮሷ ነው» ይላሉ። ነገር ግን በ1974 ዓ.ም. አርጀንቲና የፎክላንድን ደሴቶች ስትወር ሰርጓጇ በባሕር ላይ ነበረች፤ አላስፈራችም። ከዚህም በላይ፣ በመርከቧ ካዝና ውስጥ የጠቅላይ ሚኒስትሩ የእጅ ጽሑፍ ተቆልፎ ይቀመጣል፤ የሚከፈተው ሀገሪቱ ከወደመች በኋላ ነው። ቴዎድሮስ የጻፉት ደብዳቤ መልስ አጣ፤ ይህኛው ደግሞ ሲከፈት ጸሐፊው በሕይወት ላይኖር ይችላል።

ሀገራችን ከመቅደላ የተማረችውን ለዓለም ተናግራለች። ኅዳር 15 ቀን 1954 ዓ.ም. የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ በኑክሊየር መሣሪያ መጠቀም የድርጅቱን ቻርተር እንደሚጥስ ያወጀው ኢትዮጵያ ከሌሎች ጋር ባቀረበችው የውሳኔ ሐሳብ ነበር፤ ብሪታንያ ተቃውማለች። አፍሪካን ከኑክሊየር መሣሪያ ነፃ የሚያደርገው የፔሊንዳባ ውልም በካይሮ ለፊርማ የቀረበው ሚያዝያ 3 ቀን 1988 ዓ.ም. ነው። ቀኑ የእሮጌው ውጊያ ቀን መሆኑ አጋጣሚ ቢሆንም ለእኛ ትርጉም አለው። ውሉ ከ2001 ዓ.ም. ጀምሮ የጸና ሕግ ነው።

ይህን ስንል ራስን የመከላከል ችሎታ አያስፈልግም ማለታችን አይደለም። የቴዎድሮስ የዕውቀትና የነፃነት ጥማት ሊወረስ ይገባዋል። ሊወረስ የማይገባው ሕዝብን አራቁቶ በሚጎተት ብረት ሕዝብ ይጠበቃል የሚለው እምነት ነው። መድፉ መቅደላ ሲደርስ ከኋላው የቀረችው ደብረ ታቦር ዐመድ ሆና ነበር። ለመሣሪያ ታላቅነት የሚከራከር ሁሉ አስቀድሞ ይህን ዐመድ ይቁጠር።