ላንድኤያሆፍን፦ ከአሸዋ ጋራ የሚታገል ወደብ

በሰሜን አትላንቲክ ውቅያኖስ፣ ከአይስላንድ ደቡባዊ ጠረፍ ፊት ለፊት፣ እሳተ ገሞራ ከባሕር ወለል ያወጣቸው፣ ቬስትማናኤያር የተባሉ ደሴቶች ተበታትነው ይታያሉ። ከእነዚህም መካከል ሰው ሰፍሮ የሚኖርባት ሄይማኤይ ብቻ ናት፤ ስፋቷ 14 ካሬ ኪሎ ሜትር የማይሞላ ሲሆን፣ ከ4,000 ጥቂት የሚበልጡት ነዋሪዎቿ ከጥንት ጀምሮ ኑሯቸውን የመሠረቱት በዓሣ ማስገር ላይ ነው። ትንሽ የአውሮፕላን ማረፊያ ቢኖራትም፣ እህሉ፣ መኪናውና የቤት ዕቃው፣ መንገደኛውም አብዛኛው የሚደርሳት ሄርዮልፉር በምትባል ማመላለሻ መርከብ ነው፤ ይህችም መርከብ በዋናው ምድር በኩል የምትጠጋበት ወደብ ላንድኤያሆፍን ይባላል።

ከዋናው ምድር እስከ ደሴቲቱ ያለው የባሕር መንገድ 13 ኪሎ ሜትር ያህል ብቻ ስለሆነ፣ ካርታ ዘርግቶ ለሚመለከት ሰው መሻገሩ እጅግ ቀላል ይመስለዋል። ነገር ግን የደቡብ አይስላንድ ጠረፍ ከግግር በረዶ ሥር የሚፈልቁ ወንዞች እየጠረጉ ያወረዱት ጥቁር አሸዋ የተነጠፈበት ሜዳ እንጂ፣ ለመርከብ መጠጊያ የሚሆን ወሽመጥ የሚገኝበት አይደለም፤ ከውቅያኖሱ የሚነሣውም ማዕበል የሚያግደው ነገር ሳያገኝ እስከ ምድር ድረስ ይደርሳል። ከዚህም የተነሣ ለብዙ ዘመን ማመላለሻይቱ በስተ ምዕራብ ርቆ እስከሚገኘው እስከ ቶርላክስሆፍን ወደብ ድረስ መጓዝ ግድ ይሆንባት ነበር፤ ጕዞውም ሦስት ሰዓት ያህል ይፈጅ ስለ ነበር፣ ባሕሩ በተናወጠ ቀን መንገደኛው ደሴቲቱን የሚያያት በማጥወልወል ደክሞ ነበር።

መሐንዲሶችም ይህን ድካም ለማሳጠር አስበው፣ ከደሴቲቱ አንጻር ባለው ሜዳማ ጠረፍ ላይ ትልልቅ አለት እየከመሩ፣ እንደ ሁለት ክንድ ወደ ባሕር የተዘረጉና ጫፋቸው ተቀራርቦ ለመርከብ መግቢያ የሚተው የማዕበል መከላከያ ግንቦች ሠሩ፤ በዙሪያውም ያለው አሸዋ በነፋስ እንዳይነሣ ሣር ተዘራበት። ወደቡም እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ሐምሌ 20 ቀን 2010 ዓ.ም. ተከፈተ፤ የሦስቱም ሰዓት ጕዞ ወደ 40 ደቂቃ ወረደ።

ይሁን እንጂ በዚያው ዓመት በሚያዝያ ወር ኤይያፍያትላዮኩል የተባለው፣ በግግር በረዶ የተከደነው ተራራ ፈንድቶ፣ አመዱ የአውሮጳን ሰማይ ሸፍኖ አውሮፕላኖችን ከበረራ አግዶ ነበር። ከአመዱም ብዙው በተራራው ግርጌ ወድቆ ስለ ነበር፣ ማርካርፍልዮት የተባለው ወንዝ እየጠረገ ከወደቡ አጠገብ ወዳለው ባሕር አወረደው፤ ሞገዱም ያንን ደለል ተቀብሎ በወደቡ አፍ ላይ ከመረው። ስለዚህ የምረቃው ደስታ ሳይበርድ፣ ገና በመጸው ወራት፣ መርከቢቱ ወደ ቀድሞው ረጅም መንገድ ለመመለስ ተገደደች።

ከዚያ ወዲህ የላንድኤያሆፍን ታሪክ ከአሸዋ ጋራ የሚደረግ የትግል ታሪክ ሆኗል። አመዱ እያደር ቢቀንስም፣ በክረምት የሚነሣው ማዕበል ከባሕሩ ወለል አሸዋ እያነሣ መግቢያውን ይሞላዋል፤ አሸዋ የሚጠርጉ መርከቦችም ፀጥ ያለ ቀን እየጠበቁ፣ የተከመረውን እየመጠጡ ርቀው ይጥሉታል። የጠረጉት በአንድ ማዕበል ተመልሶ ሊሞላ ይችላልና፣ ሥራቸው እንደ መስኖ ቦይ ጠራጊ ሥራ ፍጻሜ የለውም። ባሕሩም በጸና ጊዜ ማመላለሻይቱ ዛሬም ወደ ቶርላክስሆፍን ትዞራለች።

የቀድሞይቱ መርከብ የታችኛው ክፍሏ በውሃው ውስጥ ጠልቆ የሚሄድ ስለ ነበር በደለሉ ላይ ማለፍ አስጨናቂ ሆነባት፤ ስለዚህም በ2019 በእርሷ ፈንታ፣ በፖላንድ አገር የተሠራች፣ ጥልቅ ውሃ የማያስፈልጋትና ከወደብ በሚሞላ ባትሪ የምትነዳ አዲሲቱ ሄርዮልፉር ገባች።

በዚህች መርከብ የሚሳፈር ሰው መኪናውን በታችኛው ወለል አቁሞ ወደ ላይ ሲወጣ፣ መርከቢቱ ከግንቦቹ መካከል ስትወጣ በመጀመሪያው ሞገድ ትናጣለች፤ ጥቂት ቈይቶም የሄይማኤይ ወደብ መግቢያ ይገለጣል። በስተ ቀኝ የባሕር ወፎች ጎጆ የሠሩበት፣ አናቱ ላይ በጎች የሚግጡበት ገደል ቀጥ ብሎ ቆሟል፤ በስተ ግራ ደግሞ ገና ሙሉ በሙሉ ሣር ያልሸፈነው፣ ጥቁርና ሸካራ የገሞራ ድንጋይ ተዘርግቷል።

ይህም ድንጋይ በ1973 የፈሰሰ ነው። በዚያ ዓመት ጥር 23 ቀን፣ በሌሊት፣ ከከተማው ዳር ምድር ተሰንጥቃ እሳት አፈለቀች። በዋዜማው ማዕበል ስለ ነበረ፣ ቸርነት ሆኖ የዓሣ አስጋሪዎቹ ጀልባዎች በወደቡ ታስረው አድረው ነበርና፣ 5,300 ያህሉ ሕዝብ አብዛኛው በጥቂት ሰዓት ውስጥ ወደ ዋናው ምድር ተሻገረ። ቅልጡ ድንጋይም 400 የሚያህሉ ቤቶችን ውጦና ደፍጥጦ የወደቡን አፍ ሊዘጋ በቀረበ ጊዜ፣ በደሴቲቱ የቀሩት ሰዎች ከ6 ሚሊዮን ሜትር ኩብ የሚበልጥ የባሕር ውሃ በፓምፕ እየረጩ አቀዘቀዙት። ፍሰቱም ወደቡን ሳይዘጋው ቆመ፤ ይልቁንም መግቢያውን አጥብቦ ከምሥራቅ ከሚመጣ ማዕበል የሚጋርድ ቅጥር ሆነለት። ደሴቲቱም በስፋት ጨመረች፤ ከሸሹትም ነዋሪዎች ብዙዎቹ ተመለሱ።

እንግዲህ የዚህን መንገድ ሁለት ጫፎች ብንመረምር፣ አንዱን ወደብ እሳት፣ ሁለተኛውን አሸዋ ሊዘጋው ሞክሯል፤ ሁለቱም እስከ ዛሬ የቆዩት በሰው ትጋት ነው። ስለ ላንድኤያሆፍን የወጣው ገንዘብ ብዙ ነቀፋ ያስነሣ ቢሆንም፣ የአርባ ደቂቃን መንገድ የቀመሰ የደሴት ሕዝብ የሦስቱን ሰዓት መንገድ ዳግመኛ እንዲለምድ መጠየቅ አይገባም። ስሕተቱ ወደቡን መሥራት ሳይሆን፣ ወደብ አንድ ጊዜ ተሠርቶ ያልቃል ብሎ ማሰብ ነው፤ እንዲህ ባለ ጠረፍ ላይ ወደብ የሚሠራ መንግሥት ሁሉ የግንባታውን ዋጋ ሲቈጥር የጠረጋውንም ዋጋ አብሮ ሊቈጥር ይገባዋል።