ማተሚያው በሮም፣ ፊደሉ ከእኛ፤ ዕውቀቱስ የማን ሆነ?

ከሮም፣ ጣሊያን

ስለ አክሱም ሐውልት ያልጮኸ ኢትዮጵያዊ የለም ማለት ይቻላል። የፋሺስት ጦር በ1937 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ወስዶ ሮም ላይ ያቆመው ሐውልት፣ ጣሊያን በ1947 የሰላም ውል እመልሳለሁ ብላ ከፈረመች በኋላ እንኳ ሃምሳ ስምንት ዓመት አስጠብቆ በ2005 አገሩ ገባ። በ2008 ደግሞ በቦታው ቆመ። እሰየው ያሰኛል። ይሁንና በዚህችው በሮም ከሐውልቱ መምጣት አራት መቶ ዓመታት አስቀድሞ በእጃችን ገብቶ የነበረ፣ ማንም ሳይዘርፈን ያመለጠን ሌላ ሀብት አለ። ለእሱ ሰልፍ የወጣ የለም። እሱም የማተሚያ ዕውቀት ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከቅዱስ ጴጥሮስ ቤተ ክርስቲያን ጀርባ፣ ዛሬ በቫቲካን ቅጥር ውስጥ፣ የሐበሾች ቅዱስ እስጢፋኖስ የሚባል ቤተ ክርስቲያን አለ። ከ15ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ ጀምሮ ለተሳላሚ መነኮሳቶቻችን ማረፊያ ነበር። ዮሐንስ ፖትከን የሚባል ጀርመናዊ ካህን ሮም ውስጥ ካገኛቸው ሐበሾች ግዕዝ ተማረ። ከዚያም በቶማስ ወልደ ሳሙኤል ረዳትነት በ1513 መዝሙረ ዳዊትን በግዕዝ ፊደል አሳተመ። በግዕዝ ፊደል የታተመው የመጀመሪያው መጽሐፍ ይህ ነው። ጉተንበርግ መጽሐፍ ቅዱስን አትሞ ካወጣ ገና ስድሳ ዓመት እንኳ አልሞላም ነበር!

በ1548 እና በ1549 ደግሞ የደብረ ሊባኖሱ መነኩሴ አባ ተስፋ ጽዮን ከጓደኞቻቸው ጋር ሆነው ሐዲስ ኪዳንን በግዕዝ ሮም ላይ አሳተሙ። በመጽሐፉ ላይ ስለ ስሕተቱ አንባቢን ይቅርታ ይጠይቃሉ። ምክንያታቸው አታሚዎቹ ቋንቋውን አያውቁም፣ እኛም የማተሙን ሥራ አናውቅም የሚል ነው። እዚህ ላይ ቆም ብሎ ማሰብ ያስፈልጋል። በአንድ ክፍል ውስጥ ፊደሉን የሚያውቅና መሣሪያውን የሚያውቅ ጎን ለጎን ቆመዋል። የጎደለው የአንዱ ዕውቀት ወደ ሌላው መሻገሩ ብቻ ነበር።

አልተሻገረም። ለምን ቢባል፣ አባ ተስፋ ጽዮን ትተዋት የመጡት አገር ከ1529 እስከ 1543 በግራኝ አሕመድ ጦርነት ስትነድ የቆየች ናት። ገዳማት ከነመጻሕፍታቸው ተቃጥለዋል። የሚበላውን ያጣ ሕዝብ መጽሐፍ አይገዛም፤ ዙፋኑን ለማዳን የሚሮጥ ንጉሥም ስለ ማተሚያ የሚያስብበት ጊዜ የለውም። ስለዚህ ደብተራው ለተጨማሪ ብዙ ትውልድ ብራና ሲፍቅ፣ ቀለም ሲበጠብጥ፣ ብርዕ ሲቀርጽ ኖረ። የመጀመሪያው የአማርኛ ልብ ወለድ፣ የአፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ሥራ፣ በ1908 የታተመው እዚሁ ሮም ነው። ብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤት አዲስ አበባ ላይ የተቋቋመው በ1921 ነው። ከዳዊቱ ኅትመት እስከዚያ ድረስ አራት መቶ ስምንት ዓመት! ይህን ሁሉ ዘመን መጽሐፍ የጥቂቶች ሀብት ሆኖ ቀረ።

ይህ ታሪክ ከምጣኔ ሀብት ጋር ምን አገናኘው የሚል አንባቢ ይኖራል። በሚገባ ይገናኛል። የአውሮፓ የኢኮኖሚ አሳብ ራሱ የመሣሪያ ልጅ ነው። አዳም ስሚዝ በ1776 የአገሮችን ሀብት ሲመረምር የጀመረው ከስፒል ፋብሪካ ነው፤ አሥር ሰዎች ሥራውን ተከፋፍለው በቀን 48 ሺህ ስፒል እንደሚያወጡ አሳየ። ሪካርዶ በ1821 በመጽሐፉ ሦስተኛ እትም ስለ ማሽን አዲስ ምዕራፍ ጨምሮ፣ ማሽን ሠራተኛውን ሊጎዳው ይችላል ሲል የቀድሞ አሳቡን አረመ። ማርክስም በ1867 ያሳተመው መጽሐፍ ያለ እንግሊዝ ፋብሪካዎች የሚታሰብ አይደለም።

በ1957 ሮበርት ሶሎው የተባለው አሜሪካዊ ከ1909 እስከ 1949 የአገሩን ዕድገት አስልቶ፣ ሠራተኛው በአንድ ሰዓት የሚያመርተው ከጨመረበት ውስጥ ሰባት ስምንተኛው እጅ በካፒታል ብዛት ሊገለጽ እንደማይችልና ከቴክኒክ መሻሻል የመጣ መሆኑን አሳየ። ፖል ሮመር በ1990 ጉዳዩን ወደፊት ገፋው፦ በሬ አንድ ገበሬ ሲያርስበት ሌላው አያርስበትም፤ አሳብ ግን ሺህ ሰው ቢጠቀምበት አያልቅም። በ2025 የኖቤል ሽልማቱን ከሁለት ባልደረቦቹ ጋር ያገኘው ጆኤል ሞኪር ደግሞ ከታሪክ ተነሥቶ የሚለን ይህንን ነው፦ ዕድገት ሳይቋረጥ የሚቀጥለው አንድ ነገር መሥራቱ ብቻ ሳይሆን ለምን እንደሚሠራም ሲታወቅ፣ የሚያስበውና የሚሠራው ሰው ሲገናኙ፣ ኅብረተሰቡም ለአዲስ አሳብ በሩን ሲከፍት ነው።

ለኢትዮጵያዊ ይህ አዲስ ዜና ሊሆን አይገባም ነበር። ነጋድራስ ገብረ ሕይወት ባይከዳኝ ሶሎው ከመወለዱ በፊት ተመሳሳይ ነገር ጽፎልን ነበርና። አድዋ አካባቢ የተወለደው፣ በአውሮፓ የተማረውና ኋላም በባቡር ሐዲዱና በድሬዳዋ ጉምሩክ ያገለገለው ይህ ሰው የሠለጠነው ዓለም ዕቃ ወደ አገሩ ሲገባ፣ የአገሩ ቡናና ቆዳ ሲወጣ ቆሞ አይቷል። ባቡሩ በ1902 ድሬዳዋ፣ በ1917 አዲስ አበባ ደረሰ። ገብረ ሕይወት የጠየቀው ባቡሩ ምን ያህል ፈጥኖ እንደሚሄድ አልነበረም፤ የሚጭነው የማንን ድካም እንደሆነ ነበር። ዕውቀት ያለው ሕዝብ የጥቂት ቀን ሥራውን ዕውቀት በሌለው ሕዝብ የብዙ ቀን ሥራ እንደሚለውጥ፣ እንዲህ ያለው ንግድም ደካማውን እያደኸየ እንደሚሄድ አስረዳ። ዕውቀትና መሣሪያ የሌለው አገር ነጻነቱም ለይስሙላ እንደሚሆን፣ የገበሬውን ላብ ወታደር የሚበላበት ሥርዓትም ሀብት እንደማያከማች አስጠነቀቀ። በ1919 በሠላሳዎቹ ዕድሜው ሞተ፤ «መንግሥትና የሕዝብ አስተዳደር» የተባለው መጽሐፉ የታተመው ከሞተ በኋላ በ1924 ነው። ማተሚያው በመጨረሻ አገር ቤት ገብቶ ነበርና እነሆ አሳቡ እኛ ዘንድ ደረሰ።

ጣሊያኖች ዛሬም ቡና ሲጠጡ «መንገድ ሠርተንላችሁ የለም ወይ?» ይሉናል። አንዳንድ የእኛም ሰው ራሱን ይነቀንቃል። መልሱ አጭር ነው። መንገድ ተሠርቷል። ነገር ግን መንገድ ያሠራው ያው አገዛዝ ከየካቲት 12 (ፌብሩዋሪ 19, 1937) በኋላ በጣት የሚቆጠሩትን የተማሩ ልጆቻችንን እያደነ ገደለ። አስፋልት ዘርግቶ አንጎል መቁረጥ ልማት አይባልም። መንገድን ዝናብ ይበላዋል፤ መንገድ መሥራት የሚያውቅ ሰው ግን ሌላ መንገድ ይሠራል።

ወደ ዛሬው እንምጣ። በ2011 የተጀመረው የህዳሴ ግድብ በሴፕቴምበር 2025 ተመርቋል። ሕዝቡ ከደሞዙና ከመቀነቱ ፈትቶ የሠራው በመሆኑ ሁላችንንም ያኮራል። የግንባታ ሥራውን የመራው ግን ጊቤ ላይም የሠራው የጣሊያኑ ሳሊኒ፣ የዛሬው ዊቢልድ ነው። ኩራታችንን ሳንቀንስ የገብረ ሕይወትን ጥያቄ እናንሣ፦ በእነዚህ ሁሉ ዓመታት ስንት ኢትዮጵያዊ መሐንዲስ ቀጣዩን ግድብ ከንድፉ ጀምሮ ራሱ ሊሠራ የሚችልበትን ዕውቀት ይዞ ወጣ? ይህ መልስ በሜጋዋት አይለካም።

ከዚህ የከፋው ግን ዕውቀት የሚሻገርበትን በር በራስ እጅ መዝጋት ነው። ከ2005 ምርጫ በኋላ የሞባይል አጭር መልእክት ለሁለት ዓመት ያህል ተዘጋ። ያ መንግሥት ሄደ፣ ልማዱ ግን አልሄደም። በ2020 ክረምት ኢንተርኔት በመላ አገሪቱ ለሳምንታት ጠፋ። በዚያው ዓመት በኖቬምበር ትግራይ ከዓለም ተቆረጠች። ከኦገስት 2023 ጀምሮ ደግሞ የአማራ ክልል ሕዝብ ለወራት የሞባይል ኢንተርኔት አጣ። ገዥዎቻችን ይህን የጸጥታ ጉዳይ ይሉታል። የዘጉት ግን የተማሪውን መጽሐፍ፣ የነጋዴውን ሱቅ፣ የሐኪሙን ምክር ጭምር ነው። ያኔ ማተሚያው ሳይገባ የቀረው አገር በጦርነት ስለነደደ ነበር። ዛሬ መሣሪያው በየሰዉ ኪስ ገብቶ ሳለ የሚያጠፋው የመንግሥት እጅ ነው። የትኛው ይብሳል?

እኛ በስደት ያለነውም ከወቀሳ አንድንም። ወር በገባ ቁጥር ለቤተሰብ ገንዘብ እንልካለን፤ መልካም ነው። በየፋብሪካውና በየሆስፒታሉ የያዝነውን ሙያስ ለማን አስተላለፍን? ዶላርና ዩሮ ተበልቶ ያልቃል፤ የእጅ ሙያ ግን ተካፍለውት አያልቅም።

የአክሱም ሐውልት ቢዘገይም ተመልሷል፣ ድንጋይ ነውና ይጠብቃል። ሳይሻገር የቀረ ዕውቀት ግን አራት መቶ ዓመት ያስከፍላል። ነገ ማንም ሥልጣን ቢይዝ ከፋብሪካውና ከግድቡ ቁጥር በፊት እነዚህን ሦስቱን እንጠይቀው፦ ሰው የድካሙን ፍሬ ሳይዘረፍ ይበላል ወይ? ያሰበውን ሳይታሰር ይጽፋል ወይ? ያወቀውንስ ሳይከለከል ያስተላልፋል ወይ? ለእነዚህ አዎ የማይል መንግሥት የፈለገውን ያህል ሪባን ቢቆርጥ አገር አያሳድግም።

ልብ ያለው ልብ ይበል።