አቡነ ዮሴፍ መቼ ይቀርባል?

መስከረም ጠብቶ ሰማዩ ሲጠራ፣ ከላሊበላ ከተማ ሆኖ ለሚያየው የአቡነ ዮሴፍ ተራራ ደጃፍ ላይ የቆመ ይመስላል። በበጋው ማብቂያ አቧራና ጢስ አየሩን ሲያለብሰው ደግሞ ያው ተራራ ደብዝዞ ይርቃል። ከ4,200 ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ተራራ ከቦታው ንቅንቅ አላለም፤ የተለወጠው አንጎላችን ርቀትን የሚገምትበት ምልክት ነው።

ዓይን ርቀትን በቀጥታ አይለካም። ሬቲና ላይ የሚያርፈው ምስል ጥልቀት የለውም፤ ጥልቀቱን ከልዩ ልዩ ምልክቶች አሰባስቦ የሚያወጣው አንጎል ነው።

ለቅርብ ነገር ዋነኛው ምልክት የሁለቱ ዓይኖች ልዩነት ነው። የአዋቂ ሰው ዓይኖች በአማካይ 6.3 ሴንቲ ሜትር ያህል ስለሚራራቁ፣ አንዱን ነገር ከሁለት አቅጣጫ ያዩታል። በላሊበላ ከአለት ከተፈለፈለው የቤተ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን አፋፍ ትንሽ ራቅ ብለው ይቁሙና አውራ ጣትዎን በጣሪያው መስቀል ትይዩ ይዘርጉ። ቀኝና ግራ ዓይንዎን በየተራ ሲጨፍኑ ጣትዎ ከመስቀሉ ወዲህና ወዲያ ይዘላል። አንጎል ሁለቱን ምስሎች ሲያዋህድ ጥልቀትን የሚያገኘው ከዚህ ልዩነት ነው። እንግሊዛዊው ቻርልስ ዊትስቶን እ.ኤ.አ. በ1838 ለየዓይኑ የተለያየ ጠፍጣፋ ሥዕል በማሳየት ይህንኑ አስመስክሯል።

ነገሩ በራቀ ቁጥር ግን ልዩነቱ እየጠበበ ይሄዳል። ኪሎ ሜትሮች ለራቀ ተራራ ሁለቱም ዓይኖች የሚያዩት አንድ ዓይነት ምስል ነው። ያኔ አንጎል የትኛው ጋራ የትኛውን እንደከለለ፣ የምናውቀው ጎጆ ምን ያህል እንዳነሰ፣ አየሩ ምን ያህል እንዳደበዘዘው ያያል። አንድ ዓይን ብቻ ያለው ሰውም በእነዚህ ይጠቀማል።

እንቅስቃሴም ሌላ ምልክት ነው። የቤተ ጊዮርጊስ ጣሪያ ከዙሪያው መሬት ጋር ስለሚስተካከል ከሩቅ ሲያዩት ጠፍጣፋ አለት ላይ የተቀረጸ መስቀል ይመስላል፤ በዙሪያው የተቆፈረውን ቦይ የቅርቡ አፋፍ ከልሎታል። ጥቂት ሲራመዱ ግድግዳው ከአፋፉ ሥር ብቅ እያለ ይወርዳል፣ 12 ሜትር ያህል ጥልቀቱም ይገለጣል።

ስለዚህ ላሊበላ የምትገኝበት የላስታ ሰው መንገድን በእግር ጉዞ ሰዓት መናገሩ ብልህነት ነው። ዓይን የሚገምተው የቀጥታውን ርቀት ሲሆን፣ የእግር ሰዓት ግን ቁልቁለቱንና ዳገቱንም ይቆጥራል። ከከተማዋ በላይ ተራራ ላይ ወዳለው አሸተን ማርያም ገዳም ለመውጣት ያሰበ እንግዳም ተራራውን አይቶ ከመወሰኑ በፊት፣ «ስንት ሰዓት ያስኬዳል?» ብሎ ቢጠይቅ ይሻለዋል።