ድግሱና ረሃቡ በአንድ ኤዲት

ቲክቶክ ላይ የሚያለቅስ ሰው ታያላችሁ፤ ቀጥሎ የቅንጦት መኪና ይመጣል። ማንም ምንም አላለም፣ እናንተ ግን ተናዳችሁ ጨርሳችኋል። ጨዋታው አዲስ አይደለም። ከ100 ዓመት በፊት ሌቭ ኩሌሾቭ የሚባል ሩሲያዊ ፊልም ሠሪ የአንድ ተዋናይን ምንም የማይነበብበት ፊት አንዴ ከሾርባ፣ አንዴ ከሬሳ ሳጥን፣ አንዴ ከሴት ምስል ጋር ቀጠለው። ፊቱ ያው ነው፤ ተመልካቹ ግን ረሃብ፣ ሐዘንና ፍላጎት አየሁ አለ ይባላል። ጥበብ ነው ሳይንስ? እኔ ሁለቱም እላለሁ። ተመራማሪዎችም አልተዉትም፦ በ1992 (እ.ኤ.አ.) ሲደገም አልሠራም፤ በ2006 ደግሞ የተመልካቾቹ አንጎል በስካነር እየታየ ሲሞከር፣ አጠገቡ ያለው ምስል የፊቱን ትርጉም እንደሚቀይር ታየ።

እኛ አገር ግን ከዚህ የከበደ ሙከራ ተሠርቷል፤ ጥሬ ዕቃውም የወሎ ሰው ነበር።

ራያና ቆቦ አውራጃ ያ ድርቅ ክፉኛ ከመታቸው አንዱ ነው። ጆናታን ዲምብልቢ ወሎ ውስጥ የቀረጸው «ያልታወቀው ረሃብ» ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ። መስከረም 1 ቀን 1967 ምሽት ደርግ ያንኑ ፊልም ከጃንሆይ ድግስ ምስሎች ጋር እያፈራረቀ እዚሁ አሳየው። በማግስቱ ንጉሡ ከዙፋን ወረዱ። (ኤዲቱ ብቻውን አላወረዳቸውም፤ ጠመንጃ የያዙት አስቀድመው ወስነዋል።)

ኢኮኖሚክስ ለተማረ ሰው ግን ያ ኤዲት ይጎረብጣል። «እሱ ስለበላ እነሱ ተራቡ» ይላል፣ አለቀ። አማርትያ ሴን በ1981 (እ.ኤ.አ.) ባሳተመው መጽሐፍ ያሳየው ሌላ ነው። የወሎ ምርት ወድቋል፣ በአገር ደረጃ ግን እህል ያን ያህል አልጎደለም። ደሴ ላይ እንኳ ዋጋው እምብዛም አልናረም። ለምን? ሰብሉ የጠፋበት ገበሬ ከእህሉ ጋር መግዣውንም አጥቷል፤ ብር ያልያዘ ሰው ደግሞ ስለራበው ብቻ ዋጋ አያስወድድም። እንዲያውም ከወሎ ወደ አዲስ አበባና ወደ አስመራ እህል ይወጣ ነበር። የአስመራው ዋና መንገድ ቆቦን ሰንጥቆ ነው የሚያልፈው። የተራበ ሰው አስፋልት ዳር ቆሞ መኪና እያስቆመ ምግብ ይለምን ነበር።

ይህን ደርግ አልቀጠለውም። ድግስ በካሜራ ያምራል፤ የመግዛት አቅም ሲወድቅ በምን ይቀረጻል?

ቆቦ ያላችሁ፣ ስልክ ይዛችሁ የምትቀርጹ ልጆች ይህን ብትሞክሩትስ? አንድ ዝም ያለ የገበሬ ፊት ውሰዱ። አንዱን ቅጂ እህል ከጫነ አይሱዙ፣ አንዱን ከገበያ የማሽላ ዋጋ፣ አንዱን ወደ ማሳ ከተጠለፈ ጎርፍ ጋር ቀጥሉት። ለሦስት የተለያዩ ቡድኖች አሳዩና ስለ ሰውዬው ምን እንዳሰቡ ጠይቁ። መልሱንም እዚያው ፊልሙ ውስጥ አስገቡት።

ፊቱን ከመቅረጻችሁ በፊት ግን ባለቤቱን አስፈቅዱ፤ ከምን ጋር እንደምትቀጥሉትም ንገሩት። የ1967ቱ ኤዲት ላይ የታዩት ሰዎች ሲቀረጹ ከማን ድግስ ጋር እንደሚቀጠሉ አያውቁም ነበር።