ድምፅ ከምስል ሲቀድም

በአሰንዳቦ አውራ ጎዳና ዳር ቆመን ከማሳው ማዶ እንጨት የሚፈልጥ ሰው ብንመለከት፣ መጥረቢያው ግንዱ ላይ ሲያርፍ ድምፁ ወዲያው አይሰማንም። ሰውየው 170 ሜትር ያህል ከራቀ ድምፁ የሚደርሰን ከግማሽ ሴኮንድ በኋላ፣ ምናልባትም መጥረቢያው እንደገና መነሣት ከጀመረ ወዲህ ነው። ብርሃን ይህን ርቀት ከሴኮንድ አንድ ሚሊዮንኛ ባነሰ ጊዜ ሲያቋርጥ፣ ድምፅ ግን 20 ዲግሪ ሴልሺየስ በሆነ አየር ውስጥ በሴኮንድ 343 ሜትር ብቻ ይጓዛል።

የፊልምና የቴሌቪዥን ኤዲተር እንጀራውን የሚበላው ከዚህ ልዩነት ጋር እየታገለ ነው ብንል ብዙም አናጋንንም። በሲኒማ አንድ ሴኮንድ 24 ፍሬሞች አሉት። ዲጂታል ድምፅ በሴኮንድ 48,000 ጊዜ ሲለካ፣ ለእያንዳንዱ ፍሬም 2,000 ልኬቶች ይደርሱታል ማለት ነው። ምስሉ በካሜራ፣ ድምፁ በሌላ መቅጃ ሲያዝ ሁለቱን ማገናኘት ያስፈልጋል። በቀረጻ መጀመሪያ ሁለት ሳንቃዎች የሚጋጩትም ለዚሁ ነው፤ ሳንቃዎቹ የተገናኙበት ፍሬምና የ«ጧ» ድምፅ መነሻ ይገጣጠማሉ።

መነሻው ገጠመ ማለት ግን መጨረሻውም ይገጥማል ማለት አይደለም። በሁለቱ መሣሪያዎች ውስጥ ጊዜን የሚቆጥሩት የኳርትዝ ክሪስታሎች ፈጽሞ እኩል አይሄዱም። ልዩነታቸው ከሚሊዮን 20 እጅ ብቻ ቢሆን እንኳ፣ ለአንድ ሰዓት ሳይቋረጥ በተቀዳ ቃለ ምልልስ መጨረሻ ላይ የ72 ሚሊሴኮንድ ክፍተት ይፈጠራል፤ ይህም ወደ ሁለት ፍሬም ይጠጋል።

ይህ ክፍተት ይጎዳል? መልሱ ድምፁ በመቅደሙ ወይም በመዘግየቱ ይወሰናል። የዓለም አቀፉ ቴሌኮሙኒኬሽን ኅብረት መመዘኛ እንደሚያመለክተው፣ ተመልካች መዛነፉን የሚያስተውለው ድምፁ በ45 ሚሊሴኮንድ ያህል ሲቀድም ወይም በ125 ያህል ሲዘገይ ነው። ስለዚህ 72 ሚሊሴኮንድ የዘገየ ንግግር ሳይታወቅ ሲያልፍ፣ በዚያው መጠን የቀደመው ተናጋሪውን ባዕድ ያስመስለዋል። ምክንያቱን ከእንጨት ፈላጩ ዘንድ ማግኘት የሚቻል ይመስለናል፤ መጥረቢያው ሳያርፍ ድምፁን የሰማ ሰው የለምና።

«ፊዚክስ ተምረን የት እንገባለን?» የሚሉን ተማሪዎች ይህን ሙያ ሲጠሩት አንሰማም። ፊልም የተዋንያን ብቻ ይመስላቸዋል። በ2008 እ.ኤ.አ. በቬኒስ ፌስቲቫል የዳኞችን ልዩ ሽልማት ያገኘው የ«ጤዛ» ደራሲና ዳይሬክተር ኃይሌ ገሪማ ግን በፊልሙ ኤዲቲንግ ላይም ራሱ ሠርቷል።

መሞከር ለሚሻ ሞባይል ስልክ ይበቃዋል። እንጨት ፈላጩን አስፈቅዶ መጀመሪያ ከ10 ሜትር፣ ቀጥሎ ከ100 ሜትር ይቅረጸው። በሁለተኛው ቀረጻ ድምፁ በ24 ፍሬም ስሌት 7 ፍሬም ዘግይቶ ይገኛል። ብዙ ኤዲተሮች ድምፁን ወደ ፊት ስበው ከምልክቱ ጋር ያጋጥሙታል፤ እኛ ግን ርቀቱ እንዲሰማን እንዲያው እንዲተዉት እንመርጣለን።